ከካርታ ፋብሪካ እስከ ጌም ቦይ፤ የጉንፔይ ዮኮይ የሕይወት ታሪክ

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በአምቦ መንገድ ቡራዩ የደረሰ ሰው፥ በመንገዱ ግራና ቀኝ፥ ከቡና ቤቱና ከሸቀጣ ሸቀጡ ሱቅ መካከል፥ የሞባይል ጠጋኞች ብዛት ሳያስገርመው አይቀርም። በጅማ መንገድ በሰበታ፣ እንጦጦን ተሻግሮም በሱሉልታ ነገሩ ይኸው ነው። ዛሬ ሦስቱም ከተሞች በሸገር ከተማ ሥር ተጠቃልለዋል፤ ጠጋኞቹ ግን በየነበሩበት አሉ። አንዲት ጠባብ ጠረጴዛ፣ አንድ ካውያ፣ ጥቅል እርሳስ፣ አጉሊ መነጽርና ሆዳቸው የተከፈተ ስልኮች፤ የሙያው ዕቃ በሙሉ ይህ ነው።

ባለፈው ሰሞን የስልኬ መስተዋት ተሰንጥቆብኝ ቡራዩ ከአንድ ወጣት ጠጋኝ ዘንድ ተቀምጬ ስጠባበቅ፥ በጠረጴዛው ላይ ስልክ ያልሆነ አንድ ዕቃ አየሁ። መጠኑ ትንሽ የኪስ ዳዊት ያህላል፤ ቀለሙ ግራጫ ነው፤ በግራ በኩል ጥቁር የመስቀል ቅርጽ ያለው መጫኛ፣ በቀኝ በኩል ደግሞ የወይን ጠጅ ቀለም ያላቸው ሁለት ክብ ቁልፎች አሉበት። ጌም ቦይ ነበር። አንድ ደንበኛ በልጅነቱ ከውጭ አገር ዘመዱ ያመጣለትን ዕቃ እንዲያድንለት ትቶለት ሄዷል። ጠጋኙ ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ ነገር በእጁ ይዞ አያውቅም። ሆኖም የተለመደው ካቻቢቴ የማይገባበትን ባለ ሦስት ክንፍ ብሎን በራሱ መላ ፈትቶ ክዳኑን ካነሣ በኋላ ብዙም አልተቸገረም። ከስክሪኑ ላይ የጠፉትን መስመሮች፥ ከግርጌ ያለውን ሪባን መሰል ቀጭን ገመድ በካውያው ጫፍ ቀስ እያደረገ በማሞቅ አንድ በአንድ መለሳቸው። ከሠላሳ ዓመት በፊት የተሠራው ዕቃ አራት የባትሪ ድንጋይ ጎርሶ ድምፁን ሲያሰማ በሰማሁ ጊዜ፥ ይህን ነገር እንዲህ አድርገው የሠሩት ሰው እነማን እንደ ነበሩ፥ ስለ ምንስ እንዲህ እንደ ሠሩት ለአንባቢዎቼ ለመንገር አሰብሁ።

ጉንፔይ ዮኮይ በጃፓን አገር በኪዮቶ ከተማ የተወለዱት ጳጉሜን 5 ቀን 1933 ዓ.ም. ነው። በእኛ አገር ሕዝቡ ከአምስቱ ዓመት የጠላት ወረራ በኋላ የመጀመሪያውን የነፃነት ዕንቁጣጣሽ በዋዜማው ይጠባበቅ የነበረበት ዕለት መሆኑ ነው። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት፥ ዓ.ም. ካላልሁ በቀር፥ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ኪዮቶ የጃፓን ነገሥታት ለብዙ መቶ ዓመታት የተቀመጡባት የቀድሞ ርእሰ ከተማ ናት። ዮኮይ እዚያው በኪዮቶ በሚገኘው በዶሺሻ ዩኒቨርሲቲ የኤሌክትሪክ ምሕንድስና ተማሩ። በትምህርታቸው ከፊተኞቹ ተርታ አልነበሩም፤ ሥራ የጠየቁባቸው ታላላቅ የኤሌክትሪክ ኩባንያዎችም ሳይቀበሏቸው ቀሩ። ዲግሪውን ይዞ የየመሥሪያ ቤቱን ማስታወቂያ ሰሌዳ ሲያነብ የከረመ ወጣት ይህን ሲሰማ ጥቂት መጽናናት ያገኝ ይሆናል።

በመጨረሻ የቀጠራቸው፥ ለቤታቸው ቅርብ የሆነ ኒንቴንዶ የተባለ ኩባንያ ነበር። ኒንቴንዶ ዛሬ በዓለም ሁሉ የታወቀ ስም ነው። በዚያን ጊዜ ግን ከ1889 ጀምሮ ሀናፉዳ የተባለውን፥ አበባ የተሣለበትን የጃፓን ካርታ እያተመ የሚሸጥ ድርጅት ነበረ። ዮኮይ በ1965 ሥራ ሲጀምሩ የተሰጣቸው ተግባር የካርታውን ማምረቻ መኪናዎች መጠበቅና መጠገን ነው። በአንድ የካርታ ፋብሪካ ውስጥ የኤሌክትሪክ መሐንዲስ የሚያደርገው ነገር ብዙ አይደለም። መኪናው ካልተበላሸ እጅን አጣጥፎ መቀመጥ ነው። ወጣቱ መሐንዲስም ሥራ በፈቱበት ሰዓት በፋብሪካው መሣሪያዎች ለገዛ ራሳቸው መጫወቻ ይሠሩ ጀመር።

ከሠሯቸው ነገሮች አንዱ እንደ መቀስ እየተዘረጋና እየተሰበሰበ ሩቅ ያለውን ዕቃ የሚያነሣ ረዥም እጅ ነበረ። አንድ ቀን የኩባንያው ፕሬዚዳንት ሂሮሺ ያማውቺ ፋብሪካውን ሲጎበኙ ይህን አዩና ወጣቱን ወደ ቢሮአቸው አስጠሩት። ዮኮይ በሥራ ሰዓት ሲጫወቱ ተይዘዋልና ተግሣጽ ብቻ ነበር የጠበቁት። ያማውቺ ግን ዕቃው ለገበያ የሚሆን መጫወቻ ሆኖ እንዲዘጋጅ አዘዙ። አልትራ ሀንድ ተብሎ በ1966 ወጣ፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይም ተሸጠ። ከዚህ በኋላ ዮኮይ ወደ መኪና ጥገናው አልተመለሱም። በአለቃ አንድ እይታ የሰው ዕድል እንዲህ መገልበጡ ደስ የሚል ነገር ነው፤ ነገር ግን ያ ፕሬዚዳንት በዚያ ዕለት ፋብሪካውን ባይጎበኙስ ኖሮ ብዬ ሳስብ ደስታዬ ይቀንሳል።

ቀጥሎ የሠሯቸው መጫወቻዎች ብዙ ናቸው፤ ሁሉንም መዘርዘር አንባቢን ማሰልቸት ይሆናል። በ1969 የወጣውን ላቭ ቴስተር የተባለውን ብቻ እንመልከት። አንድ ወንድና አንዲት ሴት በአንድ እጃቸው እርስ በርስ ተያይዘው፥ በሌላ እጃቸው የመሣሪያውን ሁለት ጫፍ ሲይዙ መርፌው ተንቀሳቅሶ የፍቅራቸውን መጠን ያሳያል ተባለ። እውነቱን ለመናገር መርፌው የሚለካው በሰውነታቸው የሚያልፈውን ጥቂት የኤሌክትሪክ ኀይል ነው፤ እንዲህ ያለ መለኪያ በየትምህርት ቤቱ የፊዚክስ ክፍል ይገኛል። ዮኮይ የጨመሩበት ሐሳብ ብቻ ነበር፤ በዚያን ዘመን ጃፓን ውስጥ ወጣት ወንድና ወጣት ሴት በአደባባይ እጅ ለእጅ ለመያያዝ ያፍሩ ነበርና መሣሪያው ምክንያት ሆናቸው። በ1970 ደግሞ ከፀሐይ ብርሃን ኤሌክትሪክ የሚያወጣውን ሴል ወስደው የብርሃን ጠመንጃ ዒላማ አደረጉት። ሴሉ የተሠራው ኀይል እንዲሰጥ ነው፤ እርሳቸው ግን ብርሃን ሲመታው የሚያውቅ ዓይን አደረጉት።

የሰውየው የሥራ ዘዴ ሙሉ በሙሉ በዚህ ውስጥ አለ። በጃፓንኛ ስም አውጥተውለታል፤ ትርጓሜው የደረቀን የቴክኒክ ዕውቀት በጎን በኩል ማሰብ እንደ ማለት ነው። መድረቅ የሚለው ቃል ለእኛ ሰው መጥፎ ሊመስለው ይችላል። ነገር ግን አናጢ ይህን ነገር ያውቀዋል። እርጥብ እንጨት ዛሬ በርና መስኮት ቢሠሩበት ነገ ይጣመማል፤ የደረቀው ግን ጠባዩ ታውቋል፤ የት እንደሚሰነጠቅም የት እንደሚጸናም የታወቀ ነው። የኤሌክትሪክ ዕቃም እንደዚሁ ነው። አዲስ የወጣው ቺፕ ውድ ነው፤ ዐመሉም ገና አልታወቀም። ዐሥር ዓመት የሠራው ግን ርካሽ ነው፤ ብልሽቱም ጥገናውም ተለይቶ ታውቋል። ዮኮይ የሚሉት፥ ያን አሮጌ ዕቃ ማንም ላላሰበው ጉዳይ ማዋል ነው። ይህ ዘዴ ለኩባንያው ትርፍ ሲባል የተያዘ ነው፤ ከዚያ ሁሉ ዓመት በኋላ ለጠጋኝ ምን ያህል ጥቅም እንደሚሰጥ ግን በዚያን ጊዜ ማንም ያሰበው አይመስለኝም።

በሰባዎቹ ዓመታት መጨረሻ ዮኮይ ሺንካንሰን በተባለው ፈጣን ባቡር ሲጓዙ፥ አንድ ሥራ የሰለቸው ነጋዴ የኪስ ካልኩሌተሩን ቁልፍ እየተጫነ ጊዜውን ሲያሳልፍ አዩ። ትልቅ ሰው በሰው ፊት ሳያፍር በኪሱ የሚይዘው መጫወቻ ቢኖር ብለው አሰቡ። ሐሳቡ ወደ ሥራ የተለወጠበት መንገድ ደግሞ የሚያስቅ ነው። የፕሬዚዳንቱ ሾፌር ታሞ በቀረበት ቀን ዮኮይ መኪና እንዲነዱላቸው ታዘዙ። አንድ መሐንዲስ ሾፌር ሆኖ መላኩ ያስከፋቸው ቢሆንም፥ ዝም ብሎ ከመንዳት ይሻላል ብለው በመንገድ ላይ ስለ ትንሿ መጫወቻ አወሩላቸው። ያማውቺ ብዙም የተሰማቸው አይመስሉም ነበር። ነገር ግን በሄዱበት ስብሰባ አጠገባቸው የተቀመጡት ሻርፕ የተባለው ኩባንያ ፕሬዚዳንት ነበሩ። ሻርፕ ከተወዳዳሪው ከካሲዮ ጋር በካልኩሌተር ዋጋ ሲተናነቅ ኖሮ የስክሪን ፋብሪካውን የሚያሠራበት ሌላ ጉዳይ ይፈልግ ነበር። ብዙም ሳይቆይ የሻርፕ ሰዎች ወደ ኪዮቶ መጡ።

በ1980 የወጣው ጌም ኤንድ ዎች የተባለው መጫወቻ በእርግጥ ካልኩሌተር ነው ቢባል ስሕተት የለበትም። በካልኩሌተር ስክሪን ላይ 8 ቁጥር ሰባት ቁራጭ መስመር ሆኖ ተሥሎ ይቀመጣል፤ ሲፈለግ ሁሉም ይበራል፤ ለ1 ቁጥር ሁለቱ ብቻ ይበራሉ። ዮኮይ በቁራጮቹ ፈንታ ኳስ የሚወረውር ትንሽ ሰው ሥዕል አስቀመጡ። የሰውየው እጅ በግራ፣ በመካከልና በቀኝ ሆኖ አስቀድሞ ተሥሏል፤ አንዱ ጠፍቶ ሌላው ሲበራ እጁ የተንቀሳቀሰ ይመስላል። ሰዓትም ስለ ተጨመረበት መጫወቻ ነው ብሎ ማፈር ቀረ። እስከ 1991 ድረስ 43.4 ሚሊዮን ተሸጧል።

በ1982 በወጣው ባለ ሁለት ስክሪን ተጣጣፊ ሞዴል ላይ ሌላ ችግር መጣ። ጨዋታው ወደ አራት አቅጣጫ መሄድን ይጠይቃል፤ በሱቅ ያሉት ትላልቅ መጫወቻዎች የሚሠሩበት ቁሞ የሚያዝ ዘንግ ደግሞ በኪስ ውስጥ ይሰበራል። ዮኮይ አራቱን አቅጣጫ በአንድ ጠፍጣፋ መስቀል አደረጉት። አውራ ጣት ሳያይ የት እንዳለ ያውቀዋል፤ ተቃራኒ ሁለት አቅጣጫዎችም በአንድ ጊዜ ሊጫኑ አይችሉም። ዛሬ የየትኛውም ኩባንያ የመጫወቻ መያዣ ላይ ያለው መስቀል የዚህ ልጅ ነው።

ጌም ቦይ በጃፓን የወጣው ሚያዝያ 13 ቀን 1981 ዓ.ም. ነው። ሥራው የዮኮይ ብቻ አልነበረም። ምክትላቸው ሳቶሩ ኦካዳ፥ ዕቃው እንደ ጌም ኤንድ ዎች አንድ ጨዋታ ብቻ ይዞ ተሽጦ የሚቀር መጫወቻ ሳይሆን፥ ካሴት እየተለወጠለት ለብዙ ዓመት የሚያገለግል እንዲሆን አጥብቀው ተከራክረዋል፤ በዚህም ነገር ትክክለኛው ኦካዳ ነበሩ። በቀለም ጉዳይ ግን ዮኮይ አልተበገሩም። ባለ ቀለም ስክሪን በዚያን ጊዜ ውድ ነበር፤ ከኋላው መብራት ይፈልጋል፤ መብራቱም ባትሪውን ይጨርሳል። በጥቁር ሰሌዳ ላይ ሁለት ክብ ሥሎ የበረዶ ሰው ነው ቢሉት ሰው ሁሉ ነጭ አድርጎ ያየዋል፤ ቀለሙን የሚሞላው የተመልካቹ አእምሮ ነው የሚል እምነት ነበራቸው። ስለዚህ ጌም ቦይ አረንጓዴ በሚመስል ስክሪን ላይ አራት ዓይነት ጥላ ብቻ ይዞ ወጣ።

ሥራው ግን በቀላሉ አላለቀም። ሻርፕ ያቀረበው የመጀመሪያው ስክሪን ከፊት ለፊት ካልሆነ በቀር አይታይም ነበር። ያማውቺ ናሙናውን አይተው ተቆጡ፤ ጉዳዩ እንዲቀር እስከ ማለት ደረሱ። ለፋብሪካው ብዙ ገንዘብ ከወጣ በኋላ ስለ ነበረ፥ ዮኮይ በዚያን ጊዜ ምግብ እንኳ አልወርድ ብሏቸው እንደ ነበር ታውቋል። የስክሪኑ ዓይነት ተለውጦ ችግሩ ተቃለለ።

ተወዳዳሪዎቹ ወዲያው ደረሱ። የአታሪው ሊንክስ በዚያው በ1989፣ የሴጋው ጌም ጊር በ1990 ወጡ፤ ሁለቱም ባለ ቀለምና ባለ መብራት ነበሩ። ሁለቱም ግን ስድስት የባትሪ ድንጋይ ይበላሉ፤ ከጥቂት ሰዓት በኋላም ይጠፋሉ። የጌም ቦይ አራት ድንጋይ ከዐሥር ሰዓት በላይ ያገለግል ነበር። ለልጅ የባትሪ ድንጋይ መግዣ መለመን ምን እንደ ሆነ የሚያውቅ ሰው ይህን ልዩነት አስልቶ መረዳት አያስፈልገውም። እኔ በልጅነቴ ጌም ቦይ አልነበረኝም፤ የነበረኝ ጡብ እየወረደ የሚደረደርበት ርካሽ የፕላስቲክ መጫወቻ ነው፤ እርሱም ከግድግዳ ሰዓቱ ላይ በተሰረቁ ሁለት ድንጋዮች ይሠራ ስለ ነበር ቤታችን ሰዓቱን ያጣበት ቀን ጥቂት አይደለም። የጡቡ ጨዋታ ቴትሪስ የተባለው ነው። አሌክሴይ ፓጂትኖቭ በ1984 በሞስኮ የፈጠሩት ሲሆን፥ በአሜሪካና በአውሮፓ ከጌም ቦይ ጋር አብሮ በመሸጡ ዓለምን አዳረሰ። በ1993 ሰረብሮቭ የተባሉ የሩሲያ ጠፈርተኛ አንድ ጌም ቦይ ከነቴትሪሱ ይዘው ወደ ጠፈር ወጥተዋል። በባሕረ ሰላጤው ጦርነት ጊዜ በወታደር ሰፈር ተቃጥሎ ፊቱ የቀለጠ ሌላ ጌም ቦይ ደግሞ፥ እየሠራ ለብዙ ዓመታት በኒውዮርክ ለሕዝብ ሲታይ ኖሯል። ባለ ቀለም ሆኖ በኋላ ከወጣው ወንድሙ ጋር በድምሩ 118.69 ሚሊዮን ተሸጠ።

እንዲህ ያለ ሰው ከራሱ ምክር ሲወጣ ምን እንደሚገጥመው ቀጣዩ ሥራቸው ያሳያል። ቨርቹዋል ቦይ በ1995 ወጣ። ተጫዋቹ ዓይኑን በሁለት ቀዳዳ አስገብቶ ቀይ ሥዕል በጥልቀት ያያል። ከኪስ አይገባም፤ በጠረጴዛ ላይ ይቀመጣል፤ አጠገብ ያለ ሰው የሚጫወተውን ማየት አይችልም፤ አንገት ያሳምማል። በጠቅላላው 770,000 ያህል ብቻ ተሸጦ፥ ዓመት ሳይሞላው ማምረቱ ቆመ። ዮኮይ በነሐሴ 1996 ከኒንቴንዶ ለቀቁ። በውድቀቱ ምክንያት ተባረሩ ተብሎ ብዙ ተወርቷል፤ እርሳቸው ግን ዕድሜያቸው ከሃምሳ ሲያልፍ በራሳቸው የመሥራት ሐሳብ አስቀድሞ የነበራቸው መሆኑን ገልጸዋል። ከመሄዳቸው በፊት ያጠናቀቁት ቀጭኑን ጌም ቦይ ፖኬት ነበር። በዚያው ዓመት ደግሞ ፖኬሞን የተባለው ጨዋታ በጃፓን ወጥቶ፥ ሰባት ዓመት ሞልቶት አርጅቷል የተባለውን ጌም ቦይ እንደገና ወጣት አደረገው።

ዮኮይ ኮቶ የሚባል የራሳቸውን ትንሽ ድርጅት አቋቁመው፥ ባንዳይ ለተባለው ኩባንያ አዲስ የእጅ መጫወቻ ማዘጋጀት ጀመሩ። መስከረም 24 ቀን 1990 ዓ.ም. በኢሺካዋ አውራጃ በአውራ ጎዳና ላይ፥ የተሳፈሩባት መኪና ከፊቷ ያለውን የጭነት መኪና ገጨች። አደጋው ቀላል ስለ ነበረ ዮኮይ ወርደው ጉዳቱን ሲመለከቱ ሌላ መኪና መጥቶ ገጫቸው። ሁለት ሰዓት ያህል ቆይተው ዐረፉ። ዕድሜያቸው 56 ዓመት ነበረ።

ከዚህ በኋላ ያለው ታሪክ የዕቃዎቻቸው ታሪክ ነው፤ በእኔ አስተያየት ከሕይወታቸው ታሪክ የሚያንስ አይደለም።

ዕቃ ሁሉ ይሞታል። የጌም ቦይ ሞት ከየት እንደሚጀምር ወዳጆቹ አጥንተው አውቀዋል። በብዙ ካሴቶች ውስጥ እንደ ሳንቲም ክብ የሆነች ትንሽ ባትሪ አለች፤ ተጫዋቹ የደረሰበትን ቦታ የምታስታውስ እርሷ ናት። ዐሥራ አምስት ወይም ሃያ ዓመት ቆይታ ስታልቅ ልጅነት ሁሉ የተደከመበት ጨዋታ አብሮ ይጠፋል። በስክሪኑ ላይ ያለው ስስ ሽፋን በፀሐይ ይቃጠላል። ኤሌክትሪክ የሚያጠራቅሙት ካፓሲተሮች ይፈስሳሉ። ስለዚህ በጃፓን፣ በአውሮፓና በአሜሪካ የሚገኙ አያሌ ሰዎች፥ አብዛኞቹ ምንም ክፍያ ሳያገኙ፥ አሮጌውን ባትሪ በካውያ ነቅለው አዲስ ይበይዳሉ፤ ካፓሲተር ይለውጣሉ፤ የተሟሟተውን ስክሪን አንሥተው ባለ መብራት አዲስ ስክሪን ይገጥማሉ። ሌሎቹም ከጥገና አልፈው ያሻሽላሉ። ጀርመናዊው ኦሊቨር ቪቾቭ በ1998፣ ስዊድናዊው ዮሐን ኮትሊንስኪ በ2000 ገደማ ጌም ቦይን የሙዚቃ መሣሪያ የሚያደርጉ ፕሮግራሞች ሠሩ፤ በእነዚህ ፕሮግራሞች በመድረክ የሚጫወቱ ሙዚቀኞች አሉ። ከ2019 ወዲህ ደግሞ ጂቢ ስቱዲዮ በተባለ ነፃ ፕሮግራም የኮምፒዩተር ቋንቋ የማያውቅ ተማሪ እንኳ አዲስ የጌም ቦይ ጨዋታ ማዘጋጀት ይችላል።

ይህ ሁሉ የተቻለው ዕቃው ከደረቀ እንጨት ስለ ተሠራ ነው። የጌም ቦይ አንጎል በሴኮንድ አራት ሚሊዮን ያህል ጊዜ የሚመታ፥ ለዘመኑም ቢሆን ተራ የሆነ ቺፕ ነው፤ የሥራ ማኅደረ ትውስታው 8 ኪሎባይት ብቻ ነው። አንድ ሰው በትዕግሥት ቢያጠናው ከዳር እስከ ዳር ሊያውቀው ይችላል። አንድ ነገር ብቻ ለረዥም ጊዜ ተሰውሮ ቆይቷል። ዕቃው ሲበራ የኩባንያውን ስም ከላይ ወደ ታች የሚያወርደው 256 ባይት ያህል የሆነ ትንሽ ፕሮግራም፥ ሥራውን እንደ ጨረሰ በሩን በራሱ ላይ ይዘጋል፤ ከውጭ ማንበብ አይቻልም። በ2003 አንድ የዕቃው ወዳጅ የቺፑን ሽፋን ገፍፎ በማይክሮስኮፕ እያየ፥ እያንዳንዷን ነጥብ አንድ በአንድ በዓይኑ አንብቦ አወጣው። የብራና መጽሐፍ የሚገለብጡ ጸሐፊዎች ትዕግሥት ይህን ይመስል ነበር ብዬ አስባለሁ።

ጨዋታን ማሻሻል ለእኛ አዲስ ነገር እንዳልሆነ ልብ ይሏል። ገበጣን ከአንድ አገር ወደ ሌላ አገር የሄደ ሰው ሁሉ ሕጉን እየለወጠ ተጫውቶታል፤ ሪቻርድ ፓንክረስት በ1971 ባወጡት ጥናት በኢትዮጵያና በአካባቢዋ ከመቶ በላይ ዓይነት የገበጣ አጨዋወት ቈጥረዋል። ነገር ግን ገበጣ ባለቤት የለውም። የጌም ቦይ ጨዋታ ባለቤት አለው፤ ክርክሩም የሚነሣው እዚህ ላይ ነው። በካሴቱ ውስጥ ያለውን ፕሮግራም ገልብጦ በኮምፒዩተር ማኖር ለጠባቂዎቹ መጽሐፍን እንደ ማዳን ነው፤ ለኩባንያዎቹ ግን የመብት መጣስ ነው፤ ኒንቴንዶም ቅጂ በሚያከፋፍሉ ሰዎች ላይ በተደጋጋሚ ክስ መሥርቷል። ሠሪው የድካሙን ዋጋ ማግኘት ይገባዋል፤ ይህን ማንም አይክድም። ሆኖም የቪድዮ ጨዋታ ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት እንደ ተመለከተው፥ ከ2010 በፊት በአሜሪካ ከወጡት ጨዋታዎች 87 በመቶው ዛሬ በገበያ አይገኙም። የማይሸጥ ዕቃ ቅጂ የማንን ገበያ እንደሚነካ ለመረዳት አልቻልሁም። ቤተ መጻሕፍት እነዚህን ጨዋታዎች ለተመራማሪዎች ከሩቅ እንዲያሳዩ ይፈቀድ ተብሎ የቀረበውን ጥያቄ የአሜሪካ የቅጂ መብት መሥሪያ ቤት በጥቅምት 2024 አልተቀበለውም። የእኛ አገር የቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996፥ ቤተ መጻሕፍትና ቤተ መዛግብት እንዳይጠፋ ለመጠበቅ ሲሉ የአንድን ሥራ ቅጂ እንዲያነሡ በገደብ ይፈቅዳል፤ በመዝገብ ቤት የምትሠሩ ወጣቶች አንቀጹን ብታነቡት አይከፋም።

ከሁሉ የሚያስደንቀኝ የቨርቹዋል ቦይ ነገር ነው። ገበያው የጣለውን ያን ቀይ ዕቃ የሚወዱት ሰዎች ጥቂት ናቸው፤ ይሁን እንጂ እንደ እነርሱ የሚተጋ የለም። የስክሪኑ ገመድ የተያዘው በሙጫ ስለ ሆነ ሙጫው ሲደርቅ ሥዕሉ ይሰባበራል፤ ወዳጆቹ ግን እያንዳንዷን ቀጭን መስመር በእርሳስ ይበይዷታል። በይፋ የወጡለት ጨዋታዎች 22 ብቻ ነበሩ። አልቆ ሳለ ሳይሸጥ የቀረ አንድ ጨዋታ በ2010 እነዚሁ ወዳጆቹ አግኝተው አወጡት፤ አዳዲስም ጽፈውለታል። በ2025 ኒንቴንዶ ራሱ የቨርቹዋል ቦይን ጨዋታዎች በአዲሱ መሣሪያው እንደሚመልስ አስታወቀ።

ዮኮይ ሳያዩት የሞቱት የመጨረሻ ዕቃቸው ዋንደርስዋን ተብሎ በመጋቢት 1999 ለገበያ ወጣ። ስክሪኑ ጥቁርና ነጭ ነበር፤ የሚጎርሰው ድንጋይም አንድ ብቻ። አብሮት የወጣው አንድ የመሥመር ማገጣጠሚያ ጨዋታ በስማቸው ጉንፔይ ተባለ። በ2000 ደግሞ ባለቤቶቹ በገዛ እጃቸው ለዕቃው ፕሮግራም የሚጽፉበት ዋንደርዊች የተባለ መሣሪያ ተሸጠ። በዚህ መሣሪያ አንድ ግለሰብ የጻፈው ጨዋታ ውድድር አሸንፎ በኋላ እንደ ማንኛውም ካሴት በሱቅ ለመሸጥ በቅቷል።

የቡራዩው ጠጋኝ ስልኬን ሲመልስልኝ፥ ያን ባለ ሦስት ክንፍ ብሎን በምን እንደ ፈታው ጠየቅሁት። ከመሳቢያው አንድ ያለቀ እስክሪብቶ አወጣ። የፕላስቲኩን ጫፍ በእሳት አለስልሶ፥ በብሎኑ ላይ ተጭኖ እስኪቀዘቅዝ ጠብቆ ነበር፤ ቅርጹን ቀድቶ ካቻቢቴ ሆኖለታል። ሌላ እንዲህ ያለ ዕቃ ይመጣ እንደ ሆነ ብሎ ከካውያው አጠገብ መልሶ አስቀመጠው።